ቡሪ ያመጣው ጠቅላይ ሚኒስትር፣ ጦሩ የያዘው ፋይል

ቡሪ በካርቱም ምሥራቅ፣ የጥቁር ዓባይን ዳርቻ ተደግፎ የተቀመጠ ነባር ሠፈር ነው። አል መሐስ፣ አል ደራይሳ፣ አል ላማብ እየተባለ በውስጡ ይከፋፈላል። በምዕራብ በኩል የሚጎራበተው የሱዳን ጦር ጠቅላይ መምሪያ ነው። የሱዳንን የቅርብ ዓመታት የውጭ ግንኙነት መረዳት ለሚሻ ሰው የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርን መግለጫ ከማገላበጥ ይልቅ ይህን ጉርብትና ልብ ማለት ይበጀዋል ባይ ነኝ። (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

በታኅሣሥ 2018 በአትባራ ከተማ የዳቦ ዋጋ የቀሰቀሰው ተቃውሞ ካርቱም ሲደርስ ቀድመው ከወጡት ሠፈሮች አንዱ ቡሪ ነበር። ወጣቶቹ መንገዱን በጡብና በድንጋይ ዘጉ፤ ጎማ አቃጠሉ፤ አስለቃሽ ጭሱ የየቤቱን ግቢ አልፎ መኝታ ቤት ድረስ ይገባ ነበር። በጥር 2019 አንድ ወጣት ሐኪም እዚያው ቡሪ ውስጥ በጥይት ተገደለ። ሚያዝያ 6 ሕዝቡ ወደ ጦሩ ጠቅላይ መምሪያ ተምሞ አጥሩ ሥር ተቀመጠ። ከአምስት ቀን በኋላ የ30 ዓመቱ ገዥ ኦማር አል በሽር ወደቁ። ሰልፈኛው «ነፃነት፣ ሰላም፣ ፍትሕ» ብሎ ነበር የጮኸው፤ ስለ ውጭ ፖሊሲ ያነሳ ሰው ብዙም አልነበረም። በአጥሩ ውስጥ ያሉት ጄኔራሎች ግን ያኔውኑ የራሳቸው የውጭ ፖሊሲ ነበራቸው። ሌተና ጄኔራል አብደል ፈታህ አል ቡርሃንም ሆኑ የፈጥኖ ደራሹ ኃይል አዛዥ ሞሐመድ ሐምዳን ዳጋሎ፣ በቅጽል ስማቸው ሄሜቲ፣ በየመን ጦርነት ወታደር እያዘመቱ ከሪያድና ከአቡ ዳቢ ጋር ተዋውቀዋል። በሽር በወደቁ በአሥረኛው ቀን ሳዑዲ ዓረቢያና የተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች ለወታደራዊው ምክር ቤት የ3 ቢሊዮን ዶላር ድጋፍ ቃል ገቡ። ሲቪሉ ጠቅላይ ሚኒስትር ገና ስሙ እንኳ አልተጠራም ነበር።

ሰኔ 3 ቀን ተቀማጩ ሕዝብ በጥይት ተበተነ፤ ከመቶ በላይ ሰው ሞተ። የአፍሪካ ኅብረት ሱዳንን አገደ። በእገዳው ማግሥት፣ ሰኔ 7፣ ጠቅላይ ሚኒስትር ዐቢይ አሕመድ ለማሸማገል ካርቱም ገቡ። የዐቢይ ልዑክ አምባሳደር ማሕሙድ ድሪር ከአፍሪካ ኅብረቱ ልዑክ ከሞሪታኒያዊው ሞሐመድ አል ሐሰን ለባት ጋር ሆነው ለሳምንታት ሁለቱን ወገን አነጋገሩ። ነሐሴ 17 ሕገ መንግሥታዊው ሰነድ ሲፈረም አዳራሹ ለኢትዮጵያው መሪ ያሰማው ጭብጨባ ለማንም እንግዳ አልተሰጠም። ያን ሰሞን በካርቱም መንገድ ሐበሻ መሆን ጥሩ ነበር፤ እንደዚያ ያለ ሰሞን ደግሞ ብዙ አይገኝም።

በአራተኛው ቀን አብደላ ሐምዶክ ቃለ መሐላ ፈጸሙ። በአዲስ አበባ የተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን ምክትል ዋና ጸሐፊ ሆነው ዓመታት የሠሩ የምጣኔ ሀብት ባለሙያ ናቸው። በ2018 በሽር የገንዘብ ሚኒስትርነት ሲሰጧቸው አልፈልግም ብለዋል። ድምፃቸው ለስላሳ፣ ንግግራቸው የተመጠነ፣ ከማንም ጋር የማይጣሉ ለዘብተኛ። ችግሩ ርዕሰ ብሔር አለመሆናቸው ነበር። ወታደርና ሲቪል የተቀላቀለበት፣ 11 አባላት ያሉት ሉዓላዊ ምክር ቤት ከላያቸው ተቀምጦ ነበር፤ ሊቀመንበሩም ቡርሃን። በወረቀት ላይ አስፈጻሚው ካቢኔው፣ ምክር ቤቱ የአገር ምልክት ነበር። በተግባር የትኛው ፋይል በማን መሳቢያ እንዳለ ለማወቅ ግን ስድስት ወር እንኳ አልፈጀም።

መጀመሪያው ያማረ ነበር። ሐምዶክ የመጀመሪያ የውጭ ጉብኝታቸውን በመስከረም 2019 ወደ ጁባ አደረጉ። በበሽር ዘመን ካርቱም የተዋጋቻት ከተማ ከዓመት በኋላ የሱዳን መንግሥትና የታጣቂዎቹ ስምምነት የተፈረመባት ሆነች። በኅዳር የኢጋድ ሊቀመንበርነትን ተረከቡ። በታኅሣሥ ዋሽንግተን ሄደው ከ23 ዓመት በኋላ አምባሳደር ለመለዋወጥ ተስማሙ። በየመን ያለው የሱዳን ወታደርም ከ15 ሺህ ወደ 5 ሺህ መቀነሱን አስታወቁ። ከጎረቤት ጋር መታረቅ፣ ከሰው ጦርነት መውጣት፣ ዕዳ ማሰረዝ፤ ፖሊሲያቸው ባጭሩ ይኸው ነበር።

ከዚያ የእንቴቤው ጉዳይ መጣ። የካቲት 3 ቀን 2020 ቡርሃን ኡጋንዳ ውስጥ ከእስራኤሉ ጠቅላይ ሚኒስትር ቤንያሚን ኔታንያሁ ጋር ተገናኙ። ካቢኔው አስቀድሞ አልተነገረውም። ሚኒስትሮቹ አገራቸው ከእስራኤል ጋር እንደተነጋገረች የሰሙት ከዜና ነው። እዚህ ላይ ካርቱም ምን እንደሆነች ማስታወስ ግድ ይላል። በ1967 የዓረብ ሊግ ለእስራኤል ዕርቅም፣ ዕውቅናም፣ ድርድርም የለም ያለው በዚህችው ከተማ ተሰብስቦ ነው። ሐምዶክ በነሐሴ 2020 የአሜሪካው የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ማይክ ፖምፔዮ ካርቱም ሲመጡ የሽግግር መንግሥቱ ከእስራኤል ጋር ግንኙነት ለመመሥረት ሥልጣን የለውም፣ ይህ ከሽግግሩ በኋላ የሚወሰን ነው ሲሉ መለሱላቸው። ጨዋ መልስ ነበር። አሜሪካ ግን የምትሰጠውንም የምትጠይቀውንም በአንድ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጣለች። ሱዳን ከ1993 ጀምሮ የሽብር ደጋፊ ከሚባሉ አገሮች መዝገብ ውስጥ ነበረች። ከዚያ ሳትወጣ የዕዳ ስረዛ የለም፤ ዕዳው ሳይነሳ ብድር የለም፤ ብድር ከሌለ ዳቦ የለም። ቡሪን አደባባይ ያወጣት ዳቦ ነው እንግዲህ። በናይሮቢና በዳሬሰላም ኤምባሲዎችና በዩኤስኤስ ኮል መርከብ ላይ ለደረሱት ጥቃቶች ሱዳን 335 ሚሊዮን ዶላር ካሣ አዘጋጀች፤ ጥቃቶቹ የደረሱት በበሽር ጊዜ፣ ከፋዩ በሽርን የጣለው ሕዝብ። በጥቅምት ዶናልድ ትራምፕ የሱዳንንና የእስራኤልን ዕርቅ በስልክ አስታወቁ፤ በታኅሣሥ 14 ስሙ ከመዝገቡ ተሰረዘ፤ በጥር 2021 የፍትሕ ሚኒስትሩ የአብርሃም ስምምነት መግለጫን ፈረሙ። ሐምዶክ የማይስማሙበትን በር ሌላ ሰው ከፈተው፤ እሳቸው ገብተው ዕቃውን ተረከቡ። ለዘብተኝነት ከእንዲህ ያለ ቦታ ሲገባ ከመስማማት በምን እንደሚለይ እኔ መናገር ይቸግረኛል።

ሕዝባዊ አመፅ ያመጣው ሲቪል መንግሥት በውጭ ፖሊሲው እንዲህ መወላወሉ ለሱዳን አዲስ አይደለም። ከ1964ቱ የጥቅምት አብዮት በኋላ የመጣው የሰር አል ኻቲም አል ኸሊፋ የሽግግር መንግሥት ለደቡቡ ጥያቄ የክብ ጠረጴዛ ጉባኤ እየጠራ፣ በጎን ለኮንጎ አማፅያን መሣሪያ እንዲያልፍ መንገድ ከፍቶ ነበር። የ1985ቱ ሕዝባዊ አመፅ ያመጣቸው ሳዲቅ አል ማሕዲ ከ1986 ጀምሮ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ። የእሳቸው የውጭ ፖሊሲ ትልቁ ጥያቄ ከእኛው አገር ጋር የተያያዘ ነበር፤ የደቡብ ሱዳኑ አማፂ የጆን ጋራንግ ጦር ደጀኑ ኢትዮጵያ፣ የኤርትራና የትግራይ ታጋዮች ደጀናቸው ሱዳን። በመጋቢት 1986 በቆቃ ግድብ የሱዳን ፓርቲዎችና የጋራንግ ሰዎች መግለጫ አወጡ። በኅዳር 1988 የፓርቲ መሪው ሞሐመድ ዑስማን አል ሚርጋኒና ጋራንግ አዲስ አበባ ላይ የሰላም ስምምነት ተፈራረሙ። ማሕዲ አመነቱ፣ አዘገዩ፣ በመጨረሻ ተቀበሉት። ወደ ሥራ ሊገባ ሲል፣ ሰኔ 30 ቀን 1989፣ ብርጋዴር ኦማር አል በሽር መንግሥቱን ገለበጡ። ከዚያ ወዲያ ያለው የኢስላማውያኑ የውጭ ፖሊሲ ነው፤ በሰኔ 1995 በቦሌ መንገድ በሆስኒ ሙባረክ ላይ የተተኮሰው ጥይት የዚያ ዘመን መለያ ሆኖ ቀረ።

ወደ 2020 እንመለስ። በህዳሴው ግድብ ጉዳይ የሐምዶክ መንግሥት መጀመሪያ ላይ መሃል ለመቆም የሞከረ ብቸኛው ነበር። በመጋቢት 2020 የዓረብ ሊግ ከግብፅ ጎን የቆመ ውሳኔ ሲያሳልፍ ሱዳን ተለየች። በግንቦት ኢትዮጵያ ያቀረበችውን የመጀመሪያ ሙሌት የሁለትዮሽ ስምምነትም አልፈርምም አለች። ሁለቱንም ወገን ያስከፋ አቋም ነው፤ ግን አቋም ነው። የሱዳን ነገር ከካይሮም ከአዲስ አበባም የተለየ ነው፤ የሮሳሪስ ግድቧ ከህዳሴው ብዙም አይርቅም። የተመጠነ ውሃና ርካሽ መብራት ታገኛለች፤ መረጃ ሳይደርሳት ከተሞላ ወይም ከተለቀቀ ደግሞ መጀመሪያ የምትጎዳው እሷ ናት። በሐምሌ 2020 የመጀመሪያው ሙሌት ሲጀመር በካርቱም የወንዝ ውሃ የሚስቡ ጣቢያዎች ወንዙ ሸሽቷቸው ቆመዋል። ለካርቱም ነዋሪ ግድቡ ከቧንቧው ደረቅነት የሚጀምር ጉዳይ ነበር።

ኅዳር 4 የትግራይ ጦርነት ተጀመረ። በሳምንታት ውስጥ ከ50 ሺህ በላይ ስደተኛ በሐምዳይትና በሌሎች የድንበር መግቢያዎች ሱዳን ገባ። የኢጋድ ሊቀመንበር የነበሩት ሐምዶክ ዓመታት የኖሩባትን አዲስ አበባ ያውቋታል፤ ታኅሣሥ 13 ለማሸማገል በረሩ። ለሁለት ቀን የታሰበው ጉብኝት በሰዓታት ተጠናቆ ተመለሱ። አዲስ አበባ ይህ የውስጥ ጉዳይ ነው፣ የሕግ ማስከበር ዘመቻ ነው ብላለች፤ ሽምግልና አላስፈለጋትም። በዚያው ሳምንት የአል ፋሽጋ ድንበር ተተኮሰበት። የሱዳን ጦር የኢትዮጵያ ገበሬዎች ለዓመታት ሰሊጥና ማሽላ ሲያርሱበት በኖሩት ለም መሬት ላይ ገሰገሰ። በ1902ቱ ውል መሠረት የእኔ ነው ስትል ሱዳን፣ ኢትዮጵያ ደግሞ በድርድር ላይ የነበረን መሬት በጉልበት ያዘችብኝ አለች። በመተማና በቋራ በኩል ያለው አራሽ እህሉን ሜዳ ላይ ጥሎ ሸሸ።

በእኔ አስተያየት የሐምዶክ የውጭ ፖሊሲ የሞተው በ2021ዱ መፈንቅለ መንግሥት አይደለም፤ እዚህ ድንበር ላይ ነው። ሸምጋይ ሆነው ሄደው የድንበር ጠበኛ ሆነው ተመለሱ። ጦሩን ያንቀሳቀሱት እሳቸው አልነበሩም፤ ግን ድርጊቱን በይፋ ደገፉ፤ የሱዳንን መሬት ያስመለሰን ሠራዊት የሚነቅፍ ሲቪል ፖለቲከኛ በካርቱም ውሎ አያድርም። በመጋቢት 2021 ሱዳን ከግብፅ ጋር ወታደራዊ ስምምነት ፈረመች፤ ፕሬዝዳንት ሲሲም ካርቱም ገቡ። ስለ ግድቡ የሚወጡት መግለጫዎች 20 ሚሊዮን ሱዳናውያን አደጋ ላይ ናቸው ወደሚል ዞሩ። የመሃል ቦታው ባዶ ቀረ። በነሐሴ ኢትዮጵያ በትግራይ ጦርነት የሱዳን ሽምግልና ተአማኒ አይደለም ስትል ካርቱም አምባሳደሯን ጠራች።

ገንዘቡ ግን መጣ፤ ይህን መካድ አይቻልም። በግንቦት 2021 በፓሪሱ ጉባኤ ፈረንሳይ ወደ 5 ቢሊዮን ዶላር የሚጠጋ ዕዳ እሰርዛለሁ አለች፤ በሰኔ መጨረሻ ሱዳን ከባድ ዕዳ ላለባቸው አገሮች በተዘጋጀው የስረዛ ሂደት ገባች። ለዚያ የነዳጅ ድጎማ ተነስቶ፣ ገንዘቡ ረክሶ፣ የቡሪ ነዋሪ ቢሮው ለመድረስ የሚከፍለው የሚኒባስ ታሪፍ በየሳምንቱ ይጨምር ነበር። የአሜሪካው ልዑክ ጄፍሪ ፌልትማን ካርቱም ውለው ሲሄዱ ጄኔራሎቹ ሰዓታት ብቻ ጠበቁ፤ ጥቅምት 25 ጎህ ሲቀድ ሐምዶክን ከቤታቸው ወሰዷቸው። ሕዝቡ ተመልሶ ወጣ፤ ቡሪም ጡቡን ደረደረ። በኅዳር ሐምዶክ ከቡርሃን ጋር ፈርመው ወንበራቸው ላይ ሲመለሱ ግን ያወጣቸው መንገድ አልተቀበላቸውም፤ ጥር 2 ቀን 2022 ሥልጣን ለቀቁ።

ሚያዝያ 15 ቀን 2023 ቡርሃንና ሄሜቲ ሲታኮሱ ቡሪ ከጠቅላይ መምሪያው አጥር ጋር ስለተጠጋች ጦርነቱ ከመጀመሪያው ቀን ደጇ ላይ ነበር። የቻለ ወደ መተማ፣ ወደ ግብፅ ድንበር፣ ወደ ፖርት ሱዳን ወጣ። ቡርሃን ራሳቸው በዚያ መምሪያ ውስጥ ከአራት ወር በላይ ተከበው ከረሙ። ሐምዶክ በጥር 2024 አዲስ አበባ ላይ ከሄሜቲ ጋር አንድ መግለጫ ፈረሙ። ሲቪሉን ለመጠበቅ የተደረገ ነው አሉ፤ ካርቱምና ገዚራ ውስጥ ቤቱ በፈጥኖ ደራሹ የተዘረፈበት ሰው ግን ፎቶውን ብቻ ነው ያየው። የገለልተኛ ስማቸው በዚያ ፎቶ ተበላሸ። ቡርሃንም በዚያው ወር የሱዳንን የኢጋድ አባልነት አገዱ፤ ሐምዶክ አንድ ጊዜ በመሩት ድርጅት ውስጥ የሱዳን ወንበር ባዶ ሆነ።

ጦሩ በመጋቢት 2025 ካርቱምን መልሶ ያዘ። በግንቦት ደግሞ ቡርሃን የቀድሞውን የዓለም የአእምሯዊ ንብረት ድርጅት ኃላፊ ካሚል ኢድሪስን ጠቅላይ ሚኒስትር አድርገው ሾሙ። ሌላ ለስላሳ ድምፅ፣ ሌላ የተባበሩት መንግሥታት ሰው። ልዩነቱ አሿሿሙ ላይ ነው፤ ሐምዶክን ያመጣቸው መንገድ ላይ የተቀመጠ ሕዝብ ሲሆን ኢድሪስን የሾሙት ጄኔራሉ ናቸው። ቡርሃን በነሐሴ 2023 ከከበባው ሲወጡ የመጀመሪያ የውጭ ጉዟቸው ወደ ግብፅ ነበር። በነሐሴ 2025 ኢድሪስም የመጀመሪያ ጉብኝታቸውን ካይሮ ላይ አደረጉ።