ስለ ተቈረጠ የቧንቧ አፍ ማለስለስ

በወላይታ፥ ከሶዶ በስተ ሰሜን ባለችው በአረካ ዙሪያ፥ ሕዝቡ ብዙ ሲሆን የእያንዳንዱ ገበሬ መሬት ግን ጠባብ ነው። በእንሰትና በሥራ ሥር ሰብል የታወቀው የእርሻ ምርምር ማዕከልም በዚያው ይገኛል። እንግዲህ በበጋ ወራት ችግኝ የሚያፈላ ሁሉ ከምንጭ ውሃ በቧንቧ መሳቡ የሚመሰገን ሥራ ነው። ነገር ግን ብዙ ገንዘብ የወጣበት መስመር፥ የተቈረጠው የቧንቧ አፍ ሳይለሰልስ ቢገጠም፥ ድካሙ ሁሉ ከንቱ ሊሆን ይችላል።

የብረት ቧንቧ በመጋዝ ሲቈረጥ በጠርዙ ላይ ስለታም ቅሪት ይቀራል፤ በሚሽከረከር መቍረጫ ሲቈረጥ ደግሞ ብረቱ ወደ ውስጥ ይገፋል። የውስጥ ስፋቱ 15 ሚሊ ሜትር የሆነ ቧንቧ ዙሪያውን በ1 ሚሊ ሜትር ቢጠብ፥ በዚያ ስፍራ የውሃው መተላለፊያ ሩብ ያህል ይቀነሳል። ቅሪቱም ቆሻሻ እየያዘ ይደፍነዋል። በፕላስቲክ ቧንቧ የሆነ እንደሆነ ስለታሙ ጠርዝ ውሃ የሚያግደውን የጎማ ቀለበት ይቈርጣል፤ በሙጫ በሚያያዘውም ላይ ሙጫውን ጠርጎ ያስወግደዋል።

መድኃኒቱ ቀላል ነው። አስቀድሞ ዙሪያውን ምልክት አድርጎ ቀጥ አድርጎ መቍረጥ፤ ቀጥሎ የውስጡን ጠርዝ በክብ ሞረድ፥ የውጭውን በጠፍጣፋ ሞረድ ማለስለስ፤ ወደ ጎማ ቀለበት የሚገባውንም አፍ ዙሪያውን በጥቂቱ ማሾል ነው። ብናኙ ወደ ውስጥ እንዳይገባ አፉን ወደ ታች አዘንብሎ መያዝ፥ በመጨረሻም በጨርቅ መጥረግ ይገባል። ሆኖም ሞረዱ ከመጠን ያለፈ እንደሆነ ጠርዙ ይሳሳልና ጥንቃቄ ያስፈልጋል።

ሹም ራሱ ሞረድ ይያዝ አይባልም። ነገር ግን ከመገጠማቸው በፊት ጥቂት አፎችን መርጦ ይመልከት፤ ጕድጓዱም በአፈር ከመሞላቱ አስቀድሞ ውሃ አስለቅቆ መጋጠሚያዎቹ ደረቅ መሆናቸውን ያረጋግጥ። በየሰከንዱ አንድ ጠብታ የሚያፈስ መጋጠሚያ በቀን ከ4 ሊትር በላይ ያጠፋል፤ እንዲህ ያሉት 50 ቢሆኑ ከ200 ሊትር በላይ ይጠፋል። አፈር ከለበሰ በኋላ ግን ጕድለቱ የሚታወቀው ችግኙ ሲጠወልግ ነው።

ስለዚህ የቧንቧ ሥራ ውል ሲጻፍ የአፉ መለስለስ በግልጽ እንዲገባበት፥ የመጨረሻውም ክፍያ ውሃው ከተፈተነ በኋላ እንዲሆን ማድረግ ይገባል።