አንድ ድምፅ፣ ብዙ ትርጉም

በእንግሊዝኛ «ቤር» የሚል ድምፅ የሰማ ሰው ድብ ወይም መሸከም ማለት ሊመስለው ይችላል። የፊደላቱ ቅደም ተከተል ሲቀየር ደግሞ መዝገበ ቃላቱ «ራቁት፣ ባዶ» ይለዋል። የለንደን ወጣቶች ግን «ቤር ሰው መጣ» ሲሉ ብዙ ሰው መጣ ማለታቸው ነው። ባዶነትን የሚገልጸው ቃል ብዛትን መግለጹ ያስደንቃል! አጠቃቀሙ ከካሪቢያን መጤዎች አነጋገር ጋር የተያያዘ ነው። በ2013 እ.ኤ.አ. በደቡብ ለንደን የሚገኝ አንድ ትምህርት ቤት ተማሪዎቹ እንዳይናገሯቸው ከከለከላቸው ቃላት አንዱ ይኸው ነበር።

አሜሪካም የራሷ ምሳሌ አላት።

«ፋት» በኤፍ ሲጻፍ ወፍራም ነው። በፒ እና በኤች ሲጀመር ግን በጥቁር አሜሪካውያን የአራዳ ቋንቋ «ግሩም» ማለት ነው፤ በ1990ዎቹ ከሂፕ ሆፕ ሙዚቃ ጋር በሰፊው ተሰራጭቷል። ሲነበብ ልዩነቱ ግልጽ ነው፤ በጆሮ ብቻ ሲሰማ ግን ሙገሳው ስድብ ሊመስል ይችላል። እንግሊዝኛ የምትማሩ ሁሉ፣ ከመቀየማችሁ በፊት ማን፣ የት እንደተናገረው አስተውሉ።