የተነሺው ካሳ እና የመሬቱ ዋጋ

በኢትዮጵያ መንግሥት ለመንገድ፣ ለግድብ፣ ለኢንዱስትሪ ፓርክ ወይም ለከተማ ማስፋፊያ ቦታ ሲወስድ የሚከፍለው ካሳ የመሬቱ ዋጋ አይደለም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት የማይሸጥ የማይለወጥ የመንግሥትና የሕዝብ ሀብት መሆኑን ይደነግጋል። የግለሰቡ ንብረት የሚባለው በመሬቱ ላይ በጉልበቱና በገንዘቡ ያፈራው ነው፤ ቤቱ፣ ጉድጓዱ፣ የተከለው ቡናና ባሕር ዛፍ። መንግሥት ይህን ንብረት ለሕዝብ ጥቅም ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ አስቀድሞ መክፈል አለበት። ስሌቱን ግን ሕገ መንግሥቱ ለዝርዝር አዋጆች ትቶታል።

ቀድሞ እንዲህ አልነበረም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የወጣው መሬት በግል በሚያዝበት ዘመን ስለነበር ካሳው ባለንብረቱ ከደረሰበት ጉዳት ጋር እኩል እንዲሆን ያዝ ነበር። የገጠር መሬት የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት ደግሞ በዚያው ዓመት ሐምሌ ወር በአዋጅ ወደ መንግሥት ሲዞሩ የመሬቱ ዋጋ ከሂሳቡ ወጣ።

አዋጅ ቁጥር 455/1997 ለገበሬው ሁለት ክፍያ አስቀመጠ። አንደኛው በመሬቱ ላይ ላለው ንብረት መተኪያ ነው። ሁለተኛው የመፈናቀያ ካሳ ሲሆን ይዞታውን ለዘለቄታው የሚለቅ ሰው ካለፉት አምስት ዓመታት አማካይ ዓመታዊ ገቢው አሥር እጥፍ ያገኛል። በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ይህ ተሻሻለ፤ መነሻው ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው ገቢ፣ ማባዣውም 15 ሆነ። ለውጡ ቀላል አይደለም። ከማሳው በአማካይ 40 ሺህ ብር፣ በተሻለው ዓመት ደግሞ 60 ሺህ ብር ያገኝ የነበረ ገበሬ በቀድሞው ሕግ የሚደርሰው 400 ሺህ ብር ነበር፤ በአዲሱ 900 ሺህ ብር ይሆናል። አዲሱ አዋጅ ከዚህ ሌላ ከጎረቤትና ከዘመድ መለያየት ለሚያደርሰው ጉዳት ክፍያ ጨምሯል፤ ተነሺዎችን መልሶ ማቋቋምንም ግዴታ አድርጓል።

ሆኖም 900 ሺህ ብር በእጁ የያዘ ገበሬ ወደ ቀድሞ ኑሮው ይመለሳል ማለት አይደለም። ገንዘቡን በባንክ ቢያስቀምጥ በ7 በመቶ ወለድ በዓመት 63 ሺህ ብር ያስገኝለታል፤ ላይ ላዩን ሲታይ የማሳውን ገቢ ይተካል። ነገር ግን ጤፍ ሲወደድ የገበሬው ገቢ አብሮ ከፍ ይል ነበር፤ ባንክ ውስጥ ያለው ብር ግን እዚያው ቆሞ አቅሙን ያጣል። በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ በነበረበት ወቅት ካሳ የተቀበለ ሰው ይህን በኪሱ አይቶታል። ጥሬ ገንዘብ አስተዳድሮ በማያውቅ ቤተሰብ እጅ ደግሞ ከዚያም ቶሎ ያልቃል። መሬቱን ይወርሱ የነበሩ ልጆችም በስሌቱ ውስጥ የሉም። ማባዣውን ከ15 ወደ 20 ማሳደግ ይህን አይፈታውም፤ የሚፈታው ምትክ መሬት ወይም ቋሚ መተዳደሪያ ነው።

ከተማ አካባቢ ቅሬታው ይበረታል። ለገበሬው በእህል ምርት ተሰልቶ የተከፈለበት ማሳ በሊዝ አዋጅ ቁጥር 721/2004 መሠረት በካሬ ሜትር ለጨረታ ይቀርባል። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት የከተማው አስተዳደር ገቢ ይሆናል፤ መሬቱን ለትውልድ ሲያርስ የኖረው ሰው ከዚያ ድርሻ አያገኝም። የገበሬው የመበደል ስሜት ልክ ነው። በ2008 ዓ.ም. በኦሮሚያ የተቀሰቀሰው ተቃውሞ አዲስ አበባንና ዙሪያዋን ያጣምር የነበረውን ማስተር ፕላን እስከ ማሰረዝ የደረሰውም ከይዞታ የመፈናቀል ስጋት በብዙ ሺህ ቤት ስለገባ ነው።

በከተማው ውስጥ ባለቤቱ ቤቱን እንደገና ለመሥራት የሚያስፈልገውን ወጪና ምትክ ቦታ ያገኛል። ሕጋዊ የይዞታ ማስረጃ የሌለው ግን፣ ስንት ዓመት ቢኖርበትም፣ ለካሳ አይቆጠርም።

አቤቱታ የማቅረብ መብት በሕጉ አለ። በ455/1997 ግን በካሳው ላይ ይግባኝ የሚል ባለይዞታ አስቀድሞ መሬቱን ማስረከቡን የሚያሳይ ማስረጃ ማያያዝ ነበረበት። ግንባታው እንዳይጓተት ታስቦ የተደነገገ ነው፤ ውጤቱ ግን ቤቱ ፈርሶ ማሳው ከተቆፈረ በኋላ ስለ ግምቱ መከራከር ሆነ። ገማቹም የወሳጁ ወገን ሲሆን ተነሺው ምን ያህል እንደሚያምነው ግልጽ ነው። አዋጅ 1161 ሙያዊ ፈቃድ ያላቸው ገለልተኛ ገማቾች እንዲሠሩ ማለቱ ለዚህ ቅሬታ የተሰጠ ተገቢ መልስ ነው።

የቅርቡ ለውጥ የመጣው በ2016 ዓ.ም. ነው። አዋጅ ቁጥር 1336/2016 ለፌዴራል ፕሮጀክቶች የሚከፈለውን ካሳ የክልሎችና የከተማ አስተዳደሮች ኃላፊነት አደረገው። በየጊዜው የሚያሻቅበው የካሳ ወጪ የመንገድ ግንባታን ሲያስተጓጉል ስለቆየ መፍትሔ ያስፈልግ ነበር፤ ክልሎች ለገዛ ነዋሪዎቻቸው ሲከፍሉ የተጋነነ ግምት ይቀራል የሚል ሐሳብም አለበት። የበጀት አቅሙ ዝቅተኛ በሆነ ክልል ግን መንገዱ የሚያልፍበት ገበሬ ክፍያው ሊዘገይበት፣ ግምቱም ሊያንስበት ይችላል። ሕገ መንግሥቱ «በቅድሚያ» ይከፈል ያለው ካሳ በእነዚህ ቦታዎች በጊዜው መድረስ አለመድረሱ በየክልሉ በሚያዘው በጀት ላይ የሚንጠለጠል ሆኗል።