እጅ እንዴት ይማራል?

ቂሊንጦ ውስጥ አንድ የሰባት ዓመት ልጅ ጧት ት/ቤት ገብቶ «ሀ ሁ ሂ»ን ከግራ ወደ ቀኝ ይጽፋል። ከሰዓት በኋላ መድረሳ ሲገባ ያችው እጅ «አሊፍ፣ ባ፣ ታ»ን ከቀኝ ወደ ግራ እንድትጽፍ ትጠየቃለች። ወላጆች ደብተሩን ገልጠው ፊደሉ ተንጋዶ ሲያዩ «ይህ ልጅ አይሰማም፤ ቅጡልን» ይሉናል። እኛ ግን ነገሩ የመስማትና ያለመስማት ጉዳይ አይመስለንም።

ፊደልን ማወቅ አንድ ነገር ነው፤ እጅ ያንን ፊደል አስተካክሎ ማውጣቱ ሌላ ነው። ሄንሪ ሞሌሰን የተባለ አሜሪካዊ እ.ኤ.አ. በ1953 ለሚጥል በሽታው አንጎሉን ቀዶ ጥገና ከተደረገለት በኋላ አዲስ ነገር ማስታወስ ተሳነው። ተመራማሪዋ ብሬንዳ ሚልነር እጁን በመስተዋት ብቻ እያየ የኮከብ ቅርጽ እንዲስል አደረጉት። በ3 ቀን ልምምድ እጁ ተገራ። እሱ ግን ሥራውን ከዚያ በፊት መሞከሩን እንኳ አያስታውስም ነበር! (ትምህርቱን የያዘው እጁ ራሱ ሳይሆን ሌላ የአንጎል ክፍል መሆኑን ልብ ይሏል።)

ከራስ ቅላችን በስተኋላ ያለው ትንሹ አንጎል፣ እጅ ሊሠራ ያሰበውን ከሠራው ጋር እያነጻጸረ ልዩነቱን ጥቂት በጥቂት ያርማል። የሚታረም እንዲኖር መጀመሪያ መሳሳት ያስፈልጋል። በየጭረቱ የሚጮህበት ልጅ ግን እርሳሱን አንቆ ይይዛል፤ ክንዱ ይደርቃል፤ ጽሕፈቱም ይብስበታል። በአርጩሜ የተመታች እጅማ ምን ልትጽፍ ትችላለች?

የሰዓቱም ነገር አለ። እ.ኤ.አ. በ1978 በወጣ ጥናት፣ ታይፕ መምታት ይማሩ ከነበሩ የእንግሊዝ ፖስታ ሠራተኞች መካከል በቀን 1 ሰዓት የተለማመዱት፣ በቀን 4 ሰዓት ከተለማመዱት ይልቅ ባነሰ ጠቅላላ ሰዓት ሙያውን ያዙ። የፈጀባቸው ቀን ግን በዝቷል። ልጅን ቅዳሜ ሙሉ ቀን አስቀምጦ ከማስጻፍ በየማታው ሩብ ሰዓት ይሻላል የምንለው ለዚህ ነው።

የድሮ ደረሶች በሉሕ ሲማሩ ጽሑፉ ታጥቦ እንደገና ይጻፋል። የትናንቱ ጥመት አብሮ ይታጠባል። ደብተር ግን ሁሉንም ይዞ ይቆያል፤ አባትም ማታ ገልጦ በከረመ ገጽ ይቆጣል። የግድ መገለጥ ካለበት የመስከረሙንና የጥሩን ገጽ ጎን ለጎን አድርገው ከልጁ ጋር ይዩት።