ከዕጣው በፊት ያለው ደብተር

ጅማ ላይ ኮንዶሚኒየም ከተነሳ ወሬው ሁሉ የዕድል ነው። «የእገሌ ልጅ አዲስ አበባ ዕጣ ወጣላት፤ ታድላ!» ይባላል። እኔ ግን ከዕጣው ይልቅ ማንም የማያወራለትን የቁጠባ ደብተር እወዳለሁ።

አካሄዱን ሁሉም ያውቀዋል፦ ይመዘገባል፣ በንግድ ባንክ ይቆጠባል፣ ዕጣ ይወጣል። 20/80 ማለት ሃያ በመቶውን ከፍለህ የቀረውን በብድር ትጨርሳለህ ማለት ነው፤ 10/90 እና 40/60ም እንደዚያው። ፕሮግራሙ በክልል ከተሞች ሲሠራ በነበረበት ጊዜ ጅማም የራሷን ብሎኮች አግኝታለች። የምዝገባው ግፊያ የነበረው ግን አዲስ አበባ ነው።

ሰው የሚሳሳተው ዕጣውን ጆንያ ውስጥ እጅ ከትቶ ስም እንደማውጣት ሲቆጥረው ነው። ከቤቶቹ 30 በመቶው ለሴቶች፣ 20 በመቶው ለመንግሥት ሠራተኞች፣ 5 በመቶው ለአካል ጉዳተኞች አስቀድሞ ይለያል። የቀረው ለሁሉም ነው፤ በሴቶች ድርሻ ያልወጣላት ሴትም እዚያ ሌላ ዕድል አላት። ከዚህ ሁሉ በፊት ደግሞ ደብተሩ ይታያል። በ1997 ዓ.ም. የተመዘገበ ሰው በ2005ቱ ዳግም ምዝገባ «ነባር» ተብሎ ቅድሚያ ቢያገኝም፣ ካልቆጠበ ነባርነቱ ብቻውን ዕጣ ውስጥ አያስገባውም።

የአዲስ አበባን 14ኛ ዙር አስታውሱ። ሐምሌ 1 ቀን 2014 ዓ.ም. በ25,791 ቤቶች ላይ ዕጣ ወጣ። እልልታው ሳይበርድ ዝርዝሩ ውስጥ ብቁ ያልሆኑ ሰዎች ገብተዋል ተብሎ ተሰረዘ፤ እንደገና የወጣው በኅዳር 2015 ነው። ያኔ ብዙ ሰው «ዕድላችንን ቀሙን» አለ። ለእኔ የተነካው ዝርዝሩ ነው፤ ማን ቆጠበ፣ ማን አልቆጠበም የሚለው። እሱ ከተበላሸ ዕጣው የቱንም ያህል በሐቅ ቢወጣ ዋጋ የለውም።

ለቡና አገር ሰው ደብተሩ ይከብዳል። በ2005 የ10/90 ተመዝጋቢ፣ ማለትም የወር ገቢው ከ1,200 ብር የማይበልጥ ሰው፣ በወር 187 ብር እንዲቆጥብ ተጠይቆ ነበር። ወር ወር እየተባለ ነው እንግዲህ። እኛ ዘንድ ገንዘብ የሚገባው ቡና ሲለቀም ነው፤ ክረምት ላይ ሊሙም ጎማም ኪሱ ባዶ ነው። አጋሮ እሸት ቡና የሚሸጡ አንዲት እናት አውቃለሁ። አዲስ አበባ ላለችው ልጃቸው ቁጠባ የሚሆነውን ብር በለቀማ ሰሞን በየፖስታው ከፍለው፣ በላዩ ላይ የወሩን ስም በእስክሪብቶ አስጽፈው ሣጥን ውስጥ ይቆልፉበታል። ለአንድ ለቅሶ ገንዘብ አጥሯቸው ከጎረቤት ሲበደሩ አይቼ ፖስታዎቹን ባነሳባቸው «ልጄ፣ የነሐሴን በታኅሣሥ ከበላሁት ነሐሴ ሲመጣ ምን ልላት ነው?» አሉኝ።

እሳቸውን ካየሁ ወዲህ ደላላ ተማምኖ ቁጠባውን የሚያቋርጥ ሰው ያበሳጨኛል። ባልና ሚስት በየስማቸው ተመዝግበው «ማን ያውቃል» የሚሉትም እንደዚያው፤ የሌላ ሰው ወረፋ እየዘጉ ነው። ዕጣው በወጣ ማግስት ገዢ የሚያፈላልጉም አሉ፤ ቤቱ ለአምስት ዓመት እንደማይሸጥ ማንም ያልነገራቸው ይመስል።

ቁልፍ ስትቀበሉም ወጪው አላለቀም። የ20/80 ቤት አብዛኛውን ጊዜ የውስጥ ሥራው ተጠናቆ አይሰጥም፤ ለወለሉ፣ ለቀለሙና ለኩሽናው የሚሆን ገንዘብ ከቅድመ ክፍያው ለይታችሁ ያዙ።