ሳይጠይቁት ከስልክና ከባንክ ሒሳብ ስለሚቆረጥ ገንዘብ
(በአጅባር ከታየው በመነሣት)

1. መግቢያ

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ አንድ ሰው «እኔ አልገዛሁትም» በሚለው ነገር ምክንያት ከስልኩ ወይም ከባንክ ሒሳቡ ላይ ገንዘብ በየጊዜው ሲቀነስበት፣ ነገሩ በምን መንገድ እንደሚሆንና ምን ማድረግ እንደሚገባው በአጭሩ ለመግለጽ ነው። ይህ ነገር በከተማ ለሚኖርና ለተማረ ሰው ጥቂት ብር የሚያጠፋ ተራ ጉዳይ መስሎ ሊታየው ይችላል። እኛም አስቀድመን እንደዚሁ እናስብ ነበር። ነገር ግን ትምህርት በተዘጋ ጊዜ ወደ አገራችን ወደ አጅባር ሄደን ስንመለከተው፣ ከብሩ ይልቅ የሚጎዳው ሰው በሰው ላይ ያለው እምነት ሆኖ ስላገኘነው፣ ሊመረመር የሚገባው መሆኑን ተረዳን።

እንደሚታወቀው አጅባር በምዕራብ ደቡብ ወሎ ደጋ ላይ የምትገኝ ከተማ ናት። ከዚያና ከመካነ ሰላም አካባቢ ብዙ ወጣቶች ለሥራ ወደ ዐረብ አገር ስለሚሄዱ፣ በእጅ የሚያዝ ስልክ ለሽማግሌና ለአሮጊት ሳይቀር የልጅን ድምፅ መስሚያ ሆኗል። ስለዚህ በስልኩ ላይ ያለው ጥቂት ገንዘብ እንደ ቅንጦት ሳይሆን ለክፉ ቀን እንደ ተቀመጠ እህል የሚቈጠር ነው።

2. በአጅባር ያየነው

በሰፈራችን አንዲት አሮጊት አሉ፤ እንደ አገሩ ልማድ «እመይቴ» እያልን እንጠራቸዋለን። ሴት ልጃቸው በዐረብ አገር በቤት ሠራተኛነት ትኖራለች። ልጅቷ ራሷ ስለምትደውል እመይቴ ለመደወል እምብዛም ገንዘብ አያስፈልጋቸውም። ሆኖም በድንገት ቢታመሙ መካነ ሰላም ያለውን ወንድማቸውን ለመጥራት እንዲችሉ በስልኩ ላይ ሁልጊዜ 50 ብር እንዲኖር ይፈልጋሉ። ማንበብ ስለማይችሉ ካርዱን የሚሞላላቸው የ12 ዓመት የልጅ ልጃቸው ነበረ።

ከጊዜ በኋላ አንድ ሌሊት ታመው ስልኩን ቢያስደውሉ ገንዘቡ ለንግግር እስከማይበቃ ድረስ አልቆ ተገኘ። ካርድ እንደገና ተሞላ፤ እንደገናም አለቀ። ስልኩን የሚነካው ልጁ ብቻ ስለ ነበረ ጥርጣሬው በእርሱ ላይ ወደቀ። «ጠርጥር፣ ከገንፎ ውስጥ አይጠፋም ስንጥር» እንደሚባለው፣ ጎረቤቱም ልጁ ብሩን ለጓደኞቹ እየላከ ይጫወትበታል እያለ ያወራ ጀመር። ልጁ አልወሰድኩም ብሎ ቢምልም የሚያምነው አላገኘም። በመጨረሻም ከአያቱ ቤት ወጥቶ ከአጎቱ ዘንድ ማደር ጀመረ።

እኛ በደረስን ጊዜ እመይቴ ስልኩን ሰጥተውን እንድናየው ጠየቁን። ኮከብ 804 መሰላል ብለን ቀሪ ሒሳቡን ብንጠይቅ 8 ብር ብቻ ቀርቷል። የመልእክቱን ሣጥን ስንከፍት ግን ካርዱ ከተሞላ ወዲህ ከአንድ አጭር ቊጥር በየማለዳው የመጣ 21 መልእክት አገኘን። ጽሑፉ ስለ ጤና የሚሰጥ ምክር ሲሆን፣ የሚበዛው በላቲን ፊደል የተጻፈ ነው። በእያንዳንዱ ቀን 2 ብር ተቈርጧል። 21 ጊዜ 2 ብር 42 ብር ነው፤ ከ50 ላይ 42 ሲቀነስ 8 ይቀራል። ሒሳቡ አንድ ሳንቲም እንኳ ሳይዛነፍ ገጠመ።

ነገሩ እንዴት እንደ ተጀመረም ለማወቅ ሞከርን። በተላኩት መልእክቶች ሣጥን ውስጥ ወደዚያው አጭር ቊጥር የተላከች አንዲት ፊደል ብቻ ተገኘች። እመይቴ የሚጮኸውን ስልክ ዝም ለማሰኘት ሲነካኩ፣ ወይም ልጁ ሲጫወት፣ ወይም ሌላ እንግዳ ልኳት ይሆናል፤ ይህን ለመለየት አልቻልንም። የተረጋገጠው ነገር ልጁ ብር አለመስረቁ ነው።

«እመይቴ፣ ገንዘቡን የወሰደው ልጁ አይደለም» ብለን ሒሳቡን ብናስረዳቸው፣ ጥቂት ዝም ብለው ቆዩና «ታዲያ እኔ ምን ገዛሁ?» ብለው ጠየቁን። የዚህ ጽሑፍ ቀሪው ክፍል ለዚህ ጥያቄ መልስ ለመስጠት የተደረገ ሙከራ ነው።

3. ገንዘቡ በምን መንገድ ይቈረጣል?

ያልታወቀ ቅናሽ ሁሉ አንድ ዐይነት አይደለም። ዐይነቱ ካልተለየ መፍትሔውም አይገኝምና፣ በአራት ከፍለን እንመለከተዋለን።

ሀ) በአጭር ቊጥር የሚመጣ አገልግሎት። ምክር፣ ዜና፣ ጥያቄና መልስ፣ ዕጣና ይህን የመሰለውን የሚልኩ ድርጅቶች ከቴሌኮም ኩባንያው ጋር በመዋዋል በአጭር ቊጥር ይሠራሉ። ደንበኛው አንዲት ፊደል ወይም «ኦኬ» የሚል ቃል ከላከ እንደ ተመዘገበ ይቈጠራል። ብዙ ጊዜ የመጀመሪያዎቹ ጥቂት ቀኖች በነጻ ይሆኑና፣ ከዚያ በኋላ ክፍያው ራሱን እያደሰ በየቀኑ ይቀጥላል። ደንበኛው «ይብቃኝ» እስካላለ ድረስ አይቆምም።

ለ) የባንክ የአገልግሎት ክፍያ። አንድ ሰው በስልኩ በኩል ገንዘብ ሲያስተላልፍ ባንኩ የአገልግሎት ዋጋ፣ በዚያም ዋጋ ላይ 15 በመቶ የተጨማሪ እሴት ታክስ ይቈርጣል። በሚመጣው መልእክት ላይ ተዘርዝሮ ቢታይም፣ መልእክቱ በእንግሊዝኛ ሲሆን ባለቤቱ ገንዘቡ የጠፋ ይመስለዋል። ይህ ሌብነት ሳይሆን የታወቀ ዋጋ ነው።

ሐ) በስልክ ላይ በሚጫን መተግበሪያ ስም የሚቈረጥ ወርኃዊ ክፍያ። ይህ በአጅባር ገና ብርቅ ነው፤ በውጭ አገር ያሉ ዘመዶቻችንን ግን ብዙ ጊዜ ያጋጥማቸዋል። ሰውየው «ለ7 ቀን በነጻ ይሞክሩ» የሚለውን ተቀብሎ የባንክ ካርዱን ቊጥር ይሰጣል፤ ቀኑ ሲያልፍ ክፍያው ይጀምራል። በባንኩ መግለጫ ላይ የሚታየው አንዳንድ ጊዜ የመተግበሪያው ስም ሳይሆን «አፕል ዶት ኮም» ወይም «ጉግል» የሚል ስለሆነ ባለቤቱ አያውቀውም። እዚህ ላይ አጥብቀን የምናሳስበው ነገር መተግበሪያውን ከስልክ ላይ ማጥፋት ክፍያውን የማያቆም መሆኑን ነው። ዕቃው ቢጣልም ውሉ እንዳለ ይቀራል።

መ) እውነተኛ ሌብነት። የምስጢር ቊጥር በማታለል ተቀብሎ ወይም የካርድ ቊጥር ሰርቆ የሚወስድ ሰው አለ። ይህ ከላይ ካሉት ሁሉ የተለየና ፈጥኖ ለባንክና ለፖሊስ ሊነገር የሚገባው ነው።

4. ምን ይደረጋል?

ከዚህ በታች የምንዘረዝረው በአጅባር የሠራንበትንና ከሌላው ተሞክሮ የተረዳነውን ነው።

አንደኛ፣ ሰውን ከመጠርጠር በፊት መልእክቱን ማንበብ ነው። የመጣበት ቊጥር፣ ቀኑና የተቈረጠው ብር በወረቀት ላይ ይጻፍ። መልእክቱ ማስረጃ ስለሆነ አይደምሰስ።

ሁለተኛ፣ ወደዚያው አጭር ቊጥር በላቲን ፊደል «ስቶፕ» የሚለውን ቃል መላክ ነው። የማቆሚያው ቃል ሌላ እንደሆነ ብዙ ጊዜ በመልእክቱ መጨረሻ ላይ ይገለጻል። ቃሉ ከተላከ በኋላ የመቆሙ ማረጋገጫ መምጣቱን መጠበቅ፣ በማግሥቱም ቀሪ ሒሳብን እንደገና ማየት ይገባል። ላኪው ያልታወቀና በአጭር ቊጥር ሳይሆን በተራ የስልክ ቊጥር የመጣ ከሆነ ግን መልስ መስጠት አይገባም።

ሦስተኛ፣ ባይቆም ወደ ቴሌኮም ኩባንያው መደወል ነው። የኢትዮ ቴሌኮም ደንበኛ በ994፣ የሳፋሪኮም ደንበኛ በ700 ይደውላል። ጉዳዩ የባንክ ከሆነ፣ የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ደንበኛ በ951 ይጠይቃል። በሚደወልበት ጊዜ የምስጢር ቊጥር ለማንም አይነገርም፤ እውነተኛ የባንክ ሠራተኛም አይጠይቅም።

አራተኛ፣ መተግበሪያ ከሆነ በመተግበሪያው መደብር ውስጥ «የደንበኝነት ምዝገባ» የሚለውን ዝርዝር ከፍቶ መሰረዝ፣ ቀጥሎም ገንዘቡ እንዲመለስ ማመልከት ነው። ቤተ ሰብ በአንድ ካርድ የሚጠቀም ከሆነ ልጆቹን ሳይቈጡ መጠየቅ ይጠቅማል። ይህ ሁሉ ተደርጎ ካልተሳካ ለባንኩ በጽሑፍ ይመለከታል። በአሜሪካ ለሚኖሩ ዘመዶቻችን ሕጉ ስሕተቱ የታየበት መግለጫ ከተላከ ጀምሮ 60 ቀን ስለሚሰጥ፣ ቀኑ ሳያልፍ ማመልከት ያስፈልጋቸዋል።

5. ሕጉ ምን ይላል?

በአገራችን «ዝምታ እንደ መስማማት ይቈጠራል» ይባላል። ሕጉ ግን በመሠረቱ እንደዚህ አይልም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቊጥር 1682 አንድ ሰው የቀረበለትን ነገር ሰምቶ ዝም ማለቱ እንደ ተቀበለው አያስቈጥረውም። ስለዚህ መልእክት ደርሶት ዝም ያለ ሰው ገዝቷል ሊባል አይገባም። ደግሞም በቊጥር 2164 ላይ የማይገባውን ዕዳ የከፈለ ሰው መልሶ ለመቀበል መብት አለው።

ይሁን እንጂ የተቃራኒውንም ወገን ክርክር መሰወር አይገባንም። ድርጅቱ «ደንበኛው ፊደል ልኮ ተቀብሏል» ሊል ይችላል። ደግሞም በቊጥር 1684 ቀድሞ በንግድ ግንኙነት የተሳሰሩ ሰዎች መካከል ዝምታ እንደ መቀበል የሚታይበት ሁኔታ አለ። ነገር ግን ለዚህም ቢሆን ለደንበኛው በግልጽ ማስታወቅ አስፈላጊ ነው። ማንበብ ለማይችል ሰው በማያውቀው ፊደል የተላከ ቃል ግልጽ ማስታወቂያ ነው ለማለት፣ በእኛ አስተያየት፣ ያስቸግራል። በ2006 ዓ.ም. የወጣው የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቊጥር 813 ሸማቹ ስለሚገዛው ነገር በቂና ትክክለኛ መረጃ የማግኘት መብት እንዳለው ያረጋግጣል። የቴሌኮሙን ሥራ የሚቈጣጠረው የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለሥልጣንም በ2011 ዓ.ም. በአዋጅ ቊጥር 1148 ተቋቁሟል። ኩባንያው መልስ ያልሰጠው ሰው ወደዚህ መሥሪያ ቤት አቤት ለማለት ይችላል።

6. በሌሎች አገሮች የሆነው

ይህ ችግር የእኛ ብቻ አይደለም። በአሜሪካ የኮከብ ቈጠራና የፍቅር ምክር የሚልኩ ድርጅቶች በብዙ ሰዎች የስልክ ሒሳብ ላይ ሳይጠየቁ በወር 9 ዶላር ከ99 ሳንቲም ይጭኑ ነበር። ከዚህም ላይ የስልክ ኩባንያዎቹ ድርሻቸውን ይወስዱ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2014 ዓ.ም. የፌዴራሉ የንግድ ኮሚሽን በከሰሳቸው ጊዜ ኤ ቲ ኤንድ ቲ 105 ሚሊዮን፣ ቲ ሞባይል ቢያንስ 90 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማሙ። በዚያው ዓመት ልጆች ያለ ወላጅ ፈቃድ በመተግበሪያ ውስጥ ስለ ገዙት ዕቃ አፕል ቢያንስ 32.5 ሚሊዮን፣ ጉግል ቢያንስ 19 ሚሊዮን ዶላር እንዲመልሱ ተደረገ። በህንድ ደግሞ ብሔራዊ ባንኩ እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 1 ቀን 2021 ዓ.ም. ጀምሮ በካርድ በየጊዜው የሚቈረጥ ክፍያ ከመቈረጡ ቢያንስ 24 ሰዓት አስቀድሞ ለደንበኛው እንዲነገር አዟል።

ከነዚህ ምሳሌዎች አንድ ነገር እንማራለን። የአንድ ሰው ጉዳት ሁለት ብር ስለሆነ ማንም አይከስም፤ የሚልዮኖች ሁለት ብር ግን ትልቅ ሀብት ነው። ስለዚህ ነገሩ የሚታረመው አቤቱታው ተጽፎና ተሰብስቦ ሲቀርብ ነው።

7. መደምደሚያ

ከዚህ በላይ ከተገለጸው በመነሣት ሦስት አሳብ እናቀርባለን። አንደኛ፣ ዋጋውና የማቆሚያው ቃል በአማርኛና በየአካባቢው ቋንቋ ይጻፍ። ሁለተኛ፣ ደንበኛው ዋጋውን ከተነገረው በኋላ ሁለተኛ ጊዜ እሺ ሳይል ገንዘብ አይቈረጥ። ሦስተኛ፣ ለዕረፍት ወደየአገራችን የምንሄድ ተማሪዎች የወላጆቻችንንና የጎረቤቶቻችንን ስልክ ከፍተን እናንብብላቸው። ይህ የአንድ ሰዓት ሥራ ነው። ያገኘነውንም ብንመዘግብ ለሚመለከተው መሥሪያ ቤት የሚቀርብ ማስረጃ ይሆናል።

የእመይቴ አገልግሎት ቃሉን በላክን ዕለት ቆመ። 42ቱ ብር እስካሁን አልተመለሰም፤ አቤቱታው ግን ተጽፏል። እመይቴ በዚያው ምሽት የልጅ ልጃቸውን አስጠርተው በጎረቤቶቻቸው ፊት «አንተ ልጅ፣ በድዬሃለሁና ይቅር በለኝ» አሉት። ልጁም አንገቱን ደፍቶ ጉልበታቸውን ሳመ። በማግሥቱ ካርዱን የሞላላቸው እርሱ ነው። አሁን በየሳምንቱ መልእክቱን እያነበበ የቀረውን ብር ይነግራቸዋል፤ እርሳቸውም በጣታቸው ይቈጥሩታል።