ከሥራ የታገደ ሠራተኛና ቤተ ሰቡ

አባቶቻችን «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» እያሉ የተረቱት፥ ሰው በፍርድ ለተወሰደበት ትልቅ ንብረት ቢታገሥም ያለ ፍርድ ለተወሰደችበት ቍራሽ ግን ልቡ እንደሚያዝን ሲያስረዱ ነው። የዚህም ተረት እውነትነት፥ ከሥራው ታግዶ ውሳኔ በሚጠባበቅ የመንግሥት ሠራተኛ ቤት በግልጥ ይታያል።

እገዳ ቅጣት አይደለም። በአንድ ሠራተኛ ላይ ክስ በተነሣ ጊዜ፥ መዝገብ እንዳያጠፋ፥ ምስክርም እንዳያስፈራራ፥ ነገሩ እስኪመረመር ድረስ ከወንበሩ ገለል ማድረግ ተገቢ ጥንቃቄ ነው። ነገር ግን ምርመራው በቶሎ ካልተፈጸመ ጥንቃቄው ሳይታወቅ ወደ ቅጣት ይለወጣል፤ ቅጣቱም የሚያርፈው በተከሰሰው ላይ ብቻ ሳይሆን፥ አንዳች ክስ ባልቀረበባቸው በሚስቱና በልጆቹ ላይ ጭምር ነው።

ለዚህ ነገር የሕንድ አገር ምሳሌ ብዙ ያስተምረናል። በሕንድ ማዕከላዊ መንግሥት ደንብ የታገደ ሠራተኛ ባዶ እጁን አይቀርም። በመጀመሪያዎቹ 3 ወሮች የመተዳደሪያ አበል ተብሎ የደመወዙን እኩሌታ የሚያህል ገንዘብ ከኑሮ ውድነት ድጎማ ጋር ይሰጠዋል። ከዚያም በኋላ ነገሩ የዘገየው ያለ እርሱ ጥፋት እንደ ሆነ አበሉ እስከ እኩሌታው ድረስ ሊጨመርለት፥ ያዘገየው እርሱ ራሱ እንደ ሆነ ግን በዚያው ልክ ሊቀነስበት ይችላል። አበሉንም ለመቀበል ሌላ ሥራ አለመያዙን ማረጋገጥ አለበት። እንግዲህ ሌላ እንጀራ እንዳይፈልግ የተከለከለ ሰው፥ ይህ አበል ቢቀርበት ቤቱን በምን ያስተዳድራል?

በማድያ ፕራዴሽ ግዛት አንድ የደን ሹም በታገደ ጊዜ፥ ምርመራው የተደረገው ከሚኖርበት ከሬዋ ወደ 500 ኪሎ ሜትር በሚርቀው በጃግዳልፑር ነበር። አበሉ በጊዜው ስላልተከፈለው ለመንገድ የሚሆን ገንዘብ አጥቶ ቀረ፤ እርሱም በሌለበት ምርመራው ተካሄደ። ጠቅላዩ ፍርድ ቤት በ1973 (በፈረንጆች አቆጣጠር) ነገሩን መርምሮ፥ ለመከላከል ተገቢውን ዕድል አላገኘም ሲል ፈረደለት። በማሃራሽትራም የታገደ ሠራተኛ በወንጀል ተፈርዶበት ይግባኝ ባለ ጊዜ በወር 1 ሩፒ ብቻ እንዲሰጠው የሚያዝዝ ደንብ ነበረ፤ ይህንንም ያው ፍርድ ቤት በ1983 ሻረው።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳዝነው ግን በኮላር የወርቅ ማውጫ የነበረ የአንድ ጥበቃ ሹም ነገር ነው። በ1985 ወርቅ ከቤቱ ተገኘ ተብሎ ታገደ፤ አበሉም ሳይከፈለው፥ በሌለበት ተመርምሮ በ1986 ከሥራ ተሰናበተ። በ1987 የወንጀሉ ዳኛ በነጻ አሰናበተው። ነገር ግን ወደ ሥራው እንዲመለስ፥ የቀረበትም ደመወዝ በሙሉ እንዲከፈለው የተፈረደለት በ1999 ነው። በታገደበት ዓመት የተወለደ ሕፃን በዚያን ጊዜ 14 ዓመት ሆኖታል። ደመወዙስ ተመለሰ፤ ያለፈውን የልጆች ዕድሜ ግን ማን ይመልሰዋል?

ስለዚህ በ2015 ይኸው ፍርድ ቤት ለእገዳ ወሰን አበጀለት። በ3 ወር ውስጥ የክስ ጽሑፍ ለሠራተኛው ካልተሰጠው እገዳው ከዚያ ሊያልፍ አይገባም፤ ክሱ ተሰጥቶት እንደ ሆነም ማራዘሚያው ምክንያቱ ተዘርዝሮ በጽሑፍ ይታዘዛል። ማስረጃ እንዳያበላሽ የተፈራውን ሰውም መንግሥት ወደ ሌላ መሥሪያ ቤት ሊያዛውረው ይችላል።

እንዲህ ያለ መከራ የደረሰበት አባወራ ነገሩን ከባለቤቱ ሊሰውር አይገባውም። ሁለቱ ተመካክረው ወጪያቸውን ይቀንሱ፤ ልጆቹን ግን ከትምህርት አያስቀሩ። የእገዳውን ደብዳቤ በጥንቃቄ ያኑሩ፤ የሚገባቸውንም አበል በጽሑፍ ይጠይቁ። ጎረቤትና ዘመድም ፍርድ ሳይሰጥ ሰላምታቸውን አይንፈጉ።

መዝገቡን የያዘው ሹም ደግሞ፥ ከጠረጴዛው ላይ ያደረው ወረቀት በአንድ ቤት ውስጥ ሌማት እንደሚያጎድል ዘወትር ያስብ። ጥፋተኛውን በጊዜው መቅጣት፥ ንጹሑንም በጊዜው መመለስ፥ ሁለቱም ለመንግሥት ክብር ናቸው።